የፎገራ ሜዳና የዐፄ ሱስንዮስ የሃይማኖት አዋጅ

ከባሕር ዳር ተነሥቶ ወደ ጎንደር የሚጓዝ መንገደኛ የጉማራን ወንዝ ተሻግሮ ወረታ ሲደርስ መንገዱ ለሁለት ይከፈልበታል። አንደኛው ወደ ምሥራቅ ታጥፎ ሽቅብ ወደ ደብረ ታቦር ይወጣል። ሁለተኛው ወደ ሰሜን ቀጥሎ የርብን ወንዝ ከተሻገረ በኋላ በይፋግና በአዲስ ዘመን በኩል እንፍራዝ ይደርሳል። በግራ በኩል ጣና ሐይቅ ተኝቷል፤ በቀኝ በኩል የጉና ተራራ ተዳፋት ይታያል። በሁለቱ መካከል የተዘረጋው ለጥ ያለ ጥቁር ምድር የፎገራ ሜዳ ነው። ክረምት ሲገባ ርብና ጉማራ ከጉና ወርደው ሜዳውን ያጥለቀልቁታል። ውሃው ሲሸሽ ምድሩ ሽምብራና ጓያ ያበቅላል፤ በስሙ የሚጠራውን የፎገራ ከብት ያሰማራል፤ ባለፉት ጥቂት ዐሥርተ ዓመታት ደግሞ በሩዝ አብቃይነቱ ታውቋል።

ዛሬ በዚህ መንገድ የሚያልፍ ሰው ሐሳቡ ከሩዙና ከገበያው ብዙ አይርቅም። ነገር ግን ይህ ሜዳና በዙሪያው ያሉት ኮረብቶች፣ ከአራት መቶ ዓመታት በፊት፣ የአገራችን ሰዎች ስለ አንድ ከባድ ጥያቄ በደም የተከራከሩበት ምድር ነው። ጥያቄውም፦ ንጉሥ የሕዝቡን ሃይማኖት በአዋጅ ሊለውጥ ይችላልን? የሚል ነበር። ዐፄ ሱስንዮስ ይቻላል ብለው ጀመሩ፤ በነገሡ በሃያ አምስተኛው ዓመት ግን እንደማይቻል በራሳቸው አንደበት አወጁ። ከዚህ በታች የቀረበው ጽሑፍ ይህ እንዴት እንደ ሆነ ለመመርመር የታሰበ ነው። የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አንባቢ ልብ እንዲል አስቀድመን እናሳስባለን።

ሜዳውና የነገሥታቱ ከተማ

የግራኝ አሕመድ ጦርነት ያበቃው እ.ኤ.አ. በ1543 ዓ.ም. ከጣና ሐይቅ በስተ ምሥራቅ፣ ወይና ደጋ በተባለ ስፍራ፣ ኢማሙ በወደቁበት ዕለት ነው። ከዚያ ወዲህ የነገሥታቱ መቀመጫ ቀስ በቀስ ከሸዋ ወደ ሰሜን ምዕራብ ሸሸ። ለዚህም ብዙ ምክንያቶች ነበሩ። ጦርነቱ ደቡቡንና ምሥራቁን አራቁቶት ነበር፤ የኦሮሞ ሕዝብ እንቅስቃሴም የመንግሥቱን ካርታ እየለወጠው ሄደ። በጣና ዙሪያ ያለው አገር ግን እህል ነበረው፤ ሣርና ውሃ ነበረው፤ በደሴቶቹም ላይ ንዋየ ቅድሳትና መጻሕፍት የሚጠበቁባቸው ገዳማት ነበሩት።

በዚያ ዘመን «ከተማ» ማለት የንጉሡ ሰፈር ማለት ነበር። ንጉሡ ሲነሣ ሠራዊቱ፣ ካህናቱ፣ ዳኞቹ፣ የእጅ ባለሙያዎቹና የገበያው ሰው ሁሉ አብረውት ይነሣሉ። እንዲህ ያለውን ሕዝብ ለመመገብ የሚችል ምድር ጥቂት ነው። ፎገራ፣ ደምቢያና እንፍራዝ ከእነዚህ ጥቂቶች መካከል ነበሩ። በክረምት ሜዳው ስለሚጨቀይ ሰፈሩ ወደ ኮረብታው ይወጣል፤ በበጋ ደግሞ ሠራዊቱ ለዘመቻ ይወርዳል። ዐፄ ሠርፀ ድንግል (1563–1597) በእንፍራዝ በላይ ባለው ጉባኤ በተባለ ስፍራ መክረማቸው፣ ዐፄ ሱስንዮስም በመጀመሪያ በጣና ዳርቻ በቆጋ፣ ኋላም በደንቀዝ መቀመጣቸው በዚሁ ምክንያት የሚተረጎም ነው።

ከዚህ የሚከተለውን ነገር ማስተዋል ያሻል። ቤተ መንግሥቱ እዚህ በመሆኑ የመንግሥቱ ሸክም ከሁሉ አስቀድሞ የሚያርፈው በዚህ ምድር ገበሬ ላይ ነበር። ዘማች ሲያልፍ የሚያበላው እርሱ ነው፤ ተሰሪ ወታደር ቤቱ የሚገባበት እርሱ ነው። ስለዚህ በደንቀዝ አደባባይ የተነገረ አዋጅ ገና ትግራይና ጎጃም ሳይደርስ እዚህ ጎጆ ውስጥ ይሰማ ነበር።

ዙፋን፣ ጳጳስና ግዝት

ዐፄ ሱስንዮስ ወደ ካቶሊክ ሃይማኖት ያዘነበሉበትን ምክንያት ብዙ ጸሐፊዎች ከፖርቱጋል የጦር መሣሪያና ወታደር ለማግኘት ከነበራቸው ምኞት ጋር ያያይዙታል። ይህ ትክክል ነው። በ1541 ከክርስቶፎሮስ ዳጋማ ጋር የመጡት አራት መቶ ያህል ፖርቱጋላውያን በግራኝ ጦርነት ያደረጉት እርዳታ ከሰው ልብ አልጠፋም ነበር። ነገር ግን ነገሩን ወደ ውስጥ ብንመለከተው ሌላም ምክንያት የምናገኝ ይመስለኛል።

ሠርፀ ድንግል ከሞቱ በኋላ ለዐሥር ዓመታት ያህል ዙፋኑ ከእጅ ወደ እጅ ሲዘዋወር ቆየ። መጀመሪያ ሕፃኑ ያዕቆብ በእቴጌ ማርያም ሥናና በመኳንንቱ ሞግዚትነት ነገሠ። በ1603 እርሱ ተሽሮ ዘድንግል ተተካ። ዘድንግል የቀዳሚት ሰንበት እንዳይከበር ከለከለ፤ ወደ ኢየሱሳውያን መነኮሳትም አዘነበለ። በዚህ ጊዜ ጳጳሱ አቡነ ጴጥሮስ ሠራዊቱን ለንጉሡ ከማለው መሐላ ፈታው። መሐላው የተፈታለት ሠራዊት ከንጉሡ ከድቶ ሄደ፤ ዘድንግልም በ1604 በባርጫ ጦርነት ተገደለ። ያዕቆብ ተመለሰ፤ በ1607 ግን እርሱና አቡነ ጴጥሮስ በጎጃም፣ ጎል በተባለ ቦታ፣ ከሱስንዮስ ጋር ሲዋጉ አብረው ወደቁ።

ይህን የተመለከተ ወጣት ንጉሥ ምን ይማራል? ሱስንዮስ የዐፄ ልብነ ድንግል የልጅ ልጅ ልጅ ነበሩ። በልጅነታቸው በኦሮሞዎች ተማርከው ከእነርሱ ጋር ኖረዋል፤ ቋንቋቸውንና የጦር ስልታቸውን ተምረዋል፤ ኋላም ለዙፋን ያበቃቸው በጫካና በዘመቻ የተሰበሰበ ጦር ነው። ጦር ዙፋን እንደሚያስገኝ ዐውቀዋል። ነገር ግን ከእስክንድርያ የተላከ አንድ ጳጳስ በአንዲት ግዝት ጦርን ሊበትን እንደሚችልም በዘድንግል አይተዋል። በ1617 ይኸው ነገር በራሳቸው ላይ ደረሰ። አማቻቸው ዮልዮስ ሸፈተ፤ አቡነ ስምዖንም ከእርሱ ጋር ቆመው ንጉሡን የተከተለውን ሁሉ አወገዙ። በጦርነቱ ዮልዮስም አቡነ ስምዖንም ተገደሉ። እንግዲህ በዐሥር ዓመት ጊዜ ውስጥ ሁለት ጳጳሳት በጦር ሜዳ ወደቁ ማለት ነው።

ሱስንዮስ ከሮም የፈለጉት ጠመንጃን ብቻ አይመስለኝም፤ ዙፋኑን የሚያጸና እንጂ የማያናጋ የቤተ ክርስቲያን ሥልጣንም ፈልገው ነበር። ጥያቄው የመንግሥት ጥያቄ ነበር፤ መልሱን ግን በሃይማኖት በኩል ፈለጉት። መከራውም የጀመረው ከዚህ ነው።

ሁለት መምህራን

ኢየሱሳውያን ወደ ኢትዮጵያ የገቡት ከሱስንዮስ በፊት ነው። የመጀመሪያዎቹ በ1557 ሲደርሱ ዐፄ ገላውዴዎስ ከሁለት ዓመት በፊት የጻፉት የሃይማኖት መግለጫ ነበር። በዚያ ጽሑፍ ንጉሡ ሰንበትን፣ ግዝረትንና የእርያ ሥጋን ስለ መተው የቀረበባቸውን ክስ በትሕትናና በጽናት መልሰዋል። ክርክሩ እንግዲህ አዲስ አልነበረም፤ አዲስ የሆነው ከክርክር ወደ አዋጅ መሸጋገሩ ነበር።

በ1603 የመጣው ስፔናዊው ፔድሮ ፓኤዝ አማርኛንና ግእዝን ተምሮ፣ የቤተ መንግሥቱን ሥርዓት አጥንቶ፣ ከሰው ጋር በለሰለሰ ቃል የሚነጋገር ሰው ነበር። በግንባታ ሥራም ንጉሡን ረድቷል፤ በ1618 ከንጉሡ ጋር ሆኖ የግሽ ዓባይን ምንጭ አይቷል። ፓኤዝ አንድን ሰው ለማሳመን ዓመታት መጠበቅ ይችል ነበር። ሱስንዮስ የካቶሊክን ሃይማኖት በይፋ በተቀበሉበት በ1622 እርሱ ሞተ።

በእርሱ እግር በ1625 ፓትርያርክ ተብሎ የመጣው ፖርቱጋላዊው አልፎንሶ ሜንዴዝ ነው። ሜንዴዝ በትምህርት ከፓኤዝ የሚያንስ አልነበረም፤ ምናልባትም ይበልጥ ነበር። ይሁን እንጂ አገሩን ሳያውቅ ሁሉን በአንድ ጊዜ ማስተካከል ፈለገ። በየካቲት ወር 1626 በደንቀዝ በተደረገው ሥርዓት ንጉሡ ተንበርክከው ለሮማው ሊቀ ጳጳሳት መታዘዛቸውን በመሐላ አረጋገጡ፤ መኳንንቱና ካህናቱም ተከተሉ። ከዚያ በኋላ ካህናት እንደ ገና እንዲሾሙ፣ አብያተ ክርስቲያናት እንደ ገና እንዲባረኩ፣ ምእመናን እንደ ገና እንዲጠመቁ፣ አጽዋማትና በዓላት በሮማ አቆጣጠር እንዲሆኑ፣ ግዝረትና የቀዳሚት ሰንበት እንዲቀሩ ታዘዘ።

እዚህ ላይ የሁለቱን መምህራን ልዩነት ከሃይማኖት ወገንተኝነት ነጻ ሆኖ መመልከት ይገባል። የሁለቱም ትምህርት አንድ ነበር። ፓኤዝ ግን ሰውን ሲያነጋግር ሜንዴዝ ሥርዓትን አዘዘ። አንደኛው ጥቂት ሰዎችን አሳመነ፤ ሁለተኛው ብዙ ሰዎችን አስገደደ። ጥቂቶቹ እስከ መጨረሻው ጸኑ፤ ብዙዎቹ ግን ጊዜ እስኪያገኙ ድረስ ብቻ ዝም አሉ።

አዋጁ ገበሬው ቤት ሲደርስ

የክርስቶስ ባሕርይ አንድ ነው ወይስ ሁለት? የሚለው ክርክር የሊቃውንት ክርክር ነው። በርብ ዳር የሚያርስ ገበሬ በዚህ ቃል ላይ ሲከራከር ላይውል ይችላል። የጾም ቀን ግን የእርሱ ነው። ቅዳሜ በሬ መጥመድና አለመጥመድ የእርሱ ነው። ልጁ በስምንተኛው ቀን መገረዙ፣ ወንዱ በአርባ ሴቲቱ በሰማንያ ቀን ክርስትና መነሣታቸው፣ አባቱ የተቀበረበት የቤተ ክርስቲያን ግቢ፣ ንስሐ የሚገባበት ካህን፣ እነዚህ ሁሉ የእርሱ ናቸው። አዋጁ እንግዲህ የደረሰው ከሊቃውንቱ ጉባኤ ይልቅ ከዚህ ኑሮ ላይ ነው። ካህኑ እንደ ገና ይሾም ማለት፣ በዚያ ካህን እጅ የተጠመቀው፣ የተጋባውና የተቀበረው ሁሉ ከንቱ ነበር ማለት ሆኖ ተሰማው። የሞቱት ወላጆቹስ ምን ሊሆኑ ነው? ይህን ጥያቄ ሜንዴዝ የመለሰለት ሰው አልነበረም።

ስለዚህ ዐመፁ የመጣው ከአንድ ወገን ብቻ አይደለም። በ1620 ግድም የቀዳሚት ሰንበት እንዳይከበር በታዘዘ ጊዜ ከሸፈቱት ሹማምንት አንዱ ፎገራን የሚያጠቃልለው የበጌምድር ገዥ ዮናኤል ነበር። ከዚያም የትግራዩ ገዥ ተክለ ጊዮርጊስ፣ የንጉሡ አማች ሳለ፣ ሸፍቶ ተሸነፈ። በ1629 በላስታ መልክአ ክርስቶስ የተባለው መስፍን ተነሣ፤ ከሁሉም የከፋው ይህ ሆነ። መኳንንቱ በየራሳቸው ምክንያት ተነሥተው ይሆናል፤ ሥልጣን የፈለገ አለ፤ ርስቱን የተነጠቀ አለ። ነገር ግን ገበሬው ተከትሏቸው እንዲወጣ ያደረገው አዋጁ ነው። ገበሬ ያልተከተለው ሽፍታ ጫካ ገብቶ ይቀራል፤ ገበሬ የተከተለው ግን ጦር ይሆናል።

በዚሁ ዘመን ሌሎችም ሕዝቦች የንጉሡን ክንድ መቅመሳቸውን ሳንጠቅስ ብናልፍ ታሪኩ ጎደሎ ይሆናል። የሰሜን ቤተ እስራኤሎች በጦር ተወግተው ብዙዎች አልቀዋል፤ የቀሩትም እንዲጠመቁ ተገደዋል። በአዋጅ ሃይማኖትን የማስለወጥ ልማድ ከፖርቱጋል ብቻ የመጣ አልነበረም፤ መሣሪያው በአገር ቤትም ይታወቅ ነበር።

ወለተ ጴጥሮስና የሐይቁ ዳር

ከፎገራ ሜዳ በስተ ደቡብ በጣና ዳርቻ ቆራጣ የምትባል ጥንታዊት መንደር አለች። በዚያ የምትከበረው ወለተ ጴጥሮስ (1592–1642) የዚህን ዘመን ታሪክ ከዙፋን ሳይሆን ከቤት ውስጥ እንድናየው ታደርገናለች።

ወለተ ጴጥሮስ ከታላላቅ ቤተ ሰብ የተወለደች፣ ከንጉሡ ባለሟሎች አንዱ ለነበረው ለመልክአ ክርስቶስ የተዳረች ሴት ነበረች። ይህ ሰው በላስታ ከተነሣው መስፍን ጋር ስም እንጂ ግብር አይጋራም። ሦስት ልጆች ወልዳ ሦስቱም በሕፃንነታቸው ሞቱባት። በ1617 አቡነ ስምዖን ሲገደሉ ባሏ ከንጉሡ ጦር ጋር ነበር፤ የጳጳሱም ልብስ በእጁ ገባ። ሚስቱ ይህን ባወቀች ጊዜ ከእርሱ ጋር በአንድ ማዕድ መቀመጥን፣ በአንድ አልጋ መተኛትን እንቢ አለች። ቤቷን ትታ መነኮሰች፤ የንጉሡን ስም በቅዳሴ የሚጠሩትንም ገሠጸች። ለፍርድ ቀረበች፤ ኢየሱሳውያኑ እንዲያስተምሯት ተሰጠች፤ አልመለስ ባለች ጊዜ ወደ ምዕራብ፣ ወደ ዠበይ፣ ለሦስት ዓመት ተጋዘች። በተጋዘችበትም ሆነ ከተመለሰች በኋላ በጣና ዙሪያ ወንዶችና ሴቶች ተከትለዋት በማኅበር ኖሩ። ከሞተች ከሠላሳ ዓመት በኋላ፣ በ1672፣ ገላውዴዎስ የተባለ መነኩሴ ገድሏን ጻፈ።

ገድል ለቅድስና ምስክርነት የሚጻፍ ነውና እንደ ዜና መዋዕል ሊነበብ አይገባም። ሆኖም የዜና መዋዕሉ ጸሐፊ ለንጉሡ፣ ኢየሱሳውያኑም ለራሳቸው ማኅበር በጻፉበት ዘመን፣ ይህ ገድል የሌሎቹን ድምፅ አቆይቶልናል። ከድምፆቹም መካከል የሴቶች ድምፅ ጎልቶ ይሰማል። የንጉሡ ሚስት እቴጌ ወልደ ሠዓላ ሳትቀር ለቀድሞው ሃይማኖት መመለስ የቆመች ነበረች። መኳንንቱ በአደባባይ በመሐላ ሲታሰሩ ሚስቶቻቸውና እናቶቻቸው በጓዳ የቀድሞውን ጾም ይጾሙ ነበር። ንጉሡ የመኳንንቱን ጉልበት ሊያንበረክኩ ቻሉ፤ የጓዳውን ማዕድ ግን ማዘዝ አልቻሉም።

ወይና ደጋ፣ ሰኔ 1632

በ1632 የላስታው ጦር ከተራራው ወርዶ በጌምድር ገባ። ዐፄ ሱስንዮስ ከልጃቸው ከፋሲለደስ ጋር ሆነው፣ ግራኝ አሕመድ በወደቁበት ምድር ስም በሚጠራው በወይና ደጋ፣ በሰኔ ወር ገጠሙት። ድሉ የንጉሡ ሆነ። የኢየሱሳውያኑ ጸሐፊዎች የሞቱትን ስምንት ሺህ ያደርሷቸዋል።

ድል አድርገው የቆሙት ሰዎች ያዩት ነገር ግን የሚያስደስት አልነበረም። ከመቶ ዓመት ባነሰ ጊዜ ውስጥ፣ በዚሁ ስም፣ አባቶቻቸው የውጊያ ድል አክብረው ነበር፤ አሁን ግን በሜዳው የተረፈረፈው የራሳቸው ገበሬ ነው። የእነዚያው ጸሐፊዎች ትረካ እንደሚለው፣ መኳንንቱ ንጉሡን በሬሳው መካከል እየመሩ፣ ከሞቱት መካከል አረማዊ ወይም እስላም አንድ እንኳ እንደሌለ፣ ሁሉም ክርስቲያኖችና የራሳቸው ዜጎች እንደ ሆኑ አሳሰቧቸው። እንዲህ ያለው ድል ከሽንፈት በምን ይለያል? የሚለው ጥያቄ ያን ዕለት በንጉሡ ልብ መግባቱን ለመጠራጠር የሚያስችል ምክንያት የለም።

በዚያው ወር ንጉሡ አዋጅ አስነገሩ። የወደደ የሮማን ሃይማኖት ይያዝ፤ ያልወደደ ግን አይገደድ፤ የአባቶች ሥርዓት ይመለስ፤ መንግሥቱን ፋሲለደስ ይያዝ የሚል ነበር፤ ሕዝቡም በታላቅ ደስታ ተቀበለው። ሱስንዮስ ግን ራሳቸው ከያዙት ሃይማኖት ሳይመለሱ በዚያው ዓመት ሞቱ፤ በአዘዞ ገነተ ኢየሱስም ተቀበሩ። በትውፊት ንጉሡ ምላሳቸው ተጎልጉሎ በደዌ እንደ ተቀጡ ይነገራል። ያመነ ሰው ይህን እንደ ተአምር ይናገረዋል። የታሪክ ጸሐፊ ግን የሚጨምረው ነገር አለ፦ ንጉሡ ታመው ነበር፤ አርጅተው ነበር፤ ከሁሉም በላይ የራሳቸውን ሕዝብ መውጋት ሰልችቷቸው ነበር። ስሕተታቸው ታላቅ ነው። ቢሆንም በሕይወት ሳሉ፣ በድል ማግሥት፣ የገዛ አዋጃቸውን የሻሩ ነገሥታት በዓለም ታሪክ ብዙ አይደሉም።

ከዚህም ላይ በዚያው ዘመን በአውሮፓ የሆነውን ማስታወስ ነገሩን ያብራራዋል። የሠላሳ ዓመት ጦርነት የተባለው (1618–1648) የጀርመንን አገር በካቶሊክና በፕሮቴስታንት መካከል ሲያቃጥለው ነበር። ኢየሱሳውያኑ ወደ እኛ ሲመጡ የተዉት ቤት ራሱ በእሳት ላይ ነበር። የንጉሥ ሃይማኖት የሕዝብ ሃይማኖት ነው የሚለው ሐሳብ የእኛ አገር ብቻ ሕመም አልነበረም።

ከአዋጁ በኋላ

ነገሩ በዚህ አልተፈጸመም። ዐፄ ፋሲለደስ (1632–1667) ኢየሱሳውያኑን በመጀመሪያ ወደ ትግራይ፣ ወደ ፍሬሞና፣ በ1634 ደግሞ ከአገር አስወጧቸው። የአባታቸው ወንድም ራስ ሥዕለ ክርስቶስ ሃይማኖቴን አልተውም በማለቱ ተጋዘ። በ1638 ወደ አገር የገቡ ሁለት የካፑቺን መነኮሳት በጎንደር ተሰቀሉ። የወደደ ይያዝ ያልወደደ አይገደድ የሚለው የአዋጁ ግማሽ እንግዲህ ጥቂት ዓመት እንኳ አልቆየም። የተገደዱት ነጻ ወጡ፤ ነገር ግን ነጻነቱ ለሌላው አልተረፈም።

ሰላሙም ቢሆን እንደ ታሰበው ፈጥኖ አልመጣም። የላስታው ጦርነት ሃይማኖት ከተመለሰ በኋላም ለዓመታት ቀጠለ፤ መልክአ ክርስቶስ ከፎገራ በላይ እስካለው እስከ ሊቦ ደርሶ የፋሲለደስን ጦር እንዳሸነፈና ለጥቂት ጊዜ ዙፋን እንደ ያዘ ይተረካል። ከዚህ የምንረዳው ሃይማኖት የጦርነቱ አንዱ ምክንያት እንጂ ብቸኛው ምክንያት እንዳልነበረ ነው። የላስታ ሰዎች ከሃይማኖቱ ሌላ ከመንግሥቱ ጋር የሚተሳሰቡት ሒሳብ ነበራቸው።

ከኢየሱሳውያኑ ጋር የተደረገው ክርክርም በቤተ ክህነት ውስጥ ዘር ዘርቶ ሄደ። ስለ ክርስቶስ መቀባት የተነሣው የቅባትና የተዋሕዶ ክርክር የጎንደርን ነገሥታት ሁሉ ሲያስጨንቅ ኖሯል፤ ንጉሡ በተለወጠ ቁጥር የአንዱ ወገን መነኮሳት ሲሾሙ የሌላው ይሰደዱ ነበር። በ1668 በዐፄ ዮሐንስ ቀዳማዊ ዘመን በጎንደር የተሰበሰበው ጉባኤ ደግሞ እስላሞች ከክርስቲያኖች ተለይተው እንዲሰፍሩ ወሰነ። ሱስንዮስ የተዉት መሣሪያ እንግዲህ አልተሰበረም፤ እጅ ብቻ ለወጠ።

የቀረው ኖራ

ይህን ጽሑፍ ከመፈጸማችን በፊት ወደ ሜዳው እንመለስ። በእንፍራዝ በላይ ባለው ኮረብታ ላይ ጣናን ቁልቁል የሚያይ የጉዛራ ግንብ ቆሟል። በትውፊት የሠርፀ ድንግል ነው ይባላል፤ አንዳንድ የዘመናችን አጥኚዎች ደግሞ በኖራ መሠራቱን ተመልክተው ከእርሳቸው በኋላ የታነጸ ይሆናል ይላሉ። የክርክሩ መሠረት ይህ ነው፦ በዚያ ዘመን በተጻፉት ምንጮች መሠረት ለኖራ የሚሆነው ድንጋይ በአገራችን የታወቀው በ1620ዎቹ መጀመሪያ ግድም፣ ከህንድ በመጣ ባለሙያ አማካይነት፣ በሱስንዮስ ዘመን ነው። ከዚያ በፊት ግንበኛው ድንጋዩን የሚያያይዘው በጭቃ ነበር። በ1626 በዓባይ ላይ በአላታ የተሠራው ድልድይ ከዚህ አዲስ ጥበብ ፍሬዎች አንዱ ነው።

ፋሲለደስ መነኮሳቱን ሲያባርሩ ኖራውን አላባረሩም። በ1636 በቆረቆሩት በጎንደር ታላቁን ግንብ አሳነጹ፤ በ1648 ከየመን የመጣው መልእክተኛ አል ሐይሚ ግንቡን አይቶ ያነጸው ህንዳዊ ባለሙያ መሆኑን ጽፏል። ሕዝቡ ሰባት ድልድዮችን የፋሲል ሥራ ናቸው ይላል፤ ከዚህም የተነሣ አሮጌ የድንጋይ ድልድይ ሁሉ፣ በርብ ላይ ያለው ጭምር፣ በፋሲል ስም ሲጠራ ይሰማል። ከአንድ ዘመን፣ ከአንድ ባሕር ማዶ፣ አንዳንድ ጊዜም በአንድ ጀልባ የመጡ ሁለት ነገሮች ነበሩ። አንዱ በአገሩ ድንጋይ ውስጥ ገብቶ ቀረ፤ ሌላው ተመልሶ ሄደ።

ስለዚህ የአገራችን ሰው አዲስ ነገርን ሁሉ ይጠላ ነበር የሚለው ትችት በዚህ ታሪክ አይደገፍም። ኖራ ለግንበኛው በእጁ ተሰጠው፤ ፈተነው፤ ጭቃ የማይችለውን ሲችል አየ፤ የራሱ አደረገው። ማንም ግንበኛ የአባቱን ግንብ እንዲረግም አልተጠየቀም። በሃይማኖቱ በኩል ግን ሰው አስቀድሞ አባቱን እንዲክድ፣ ከዚያ በኋላ እንዲማር ታዘዘ። በአንደኛው መንገድ ዕውቀት ተላለፈ፤ በሁለተኛው መንገድ ደም ፈሰሰ።

በየሙያችን አዲስ ዘዴ፣ አዲስ ደንብ፣ አዲስ ትምህርት ይዘን ወደ ሕዝብ የምንወጣ የዚህ ማኅበር አባላት ከዚህ ታሪክ የምንወስደው ነገር ቢኖር ይህ ይመስለኛል። ሜንዴዝን ያሸነፈው የዕውቀት ማነስ አልነበረም። የሚያስተምረውን ሰው ምን ታምናለህ? ምንስ ትፈራለህ? ብሎ አለመጠየቁ ነው። ሱስንዮስም የተሸነፉት በጦር አይደለም፤ በጦርማ አሸንፈው ነበር።

በሰኔ ወር በወረታ በኩል የሚያልፍ መንገደኛ ርብ መሙላት ሲጀምር ያያል። ገበሬው በሬውን ጠምዶ ዝናሙን ይቀድማል፤ ቅዳሜ ሲሆን ደግሞ ቀንበሩን አውርዶ የሚያርፈው ዛሬም ጥቂት አይደለም። ያ ቀንበር በቅዳሜ ቀን ከበሬው ጫንቃ መውረዱ፣ ሥራ ለመፍታት ያህል ብቻ አድርገን ካላየነው በቀር፣ በወይና ደጋ ለወደቁት ስምንት ሺህ ሰዎች ከማናቸውም ሐውልት የበለጠ መታሰቢያ ነው።